ከፌዴራሉ በጀት ለመከላከያ የሚሄደው ስንት ነው? ከጎንደር ለመጣ ጥያቄ የተሰጠ ምላሽ

ጥያቄው፦ «በጎንደር ከተማ በመንግሥት አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት መምህር ነኝ። በመምህራን ማረፊያ ክፍል ክርክር ተነሥቶ አንዱ ባልደረባዬ ከሀገሪቱ በጀት ግማሹ ለጦር ነው የሚሄደው አለ። ሌላው ከ100 ብር 10 ብር አይበልጥም አለ። ሦስተኛው ደግሞ 1 በመቶ ብቻ ነው ብሎ ተሟገተ። የቱ ነው ትክክሉ? እኛ ወንበርና መጽሐፍ የሚያጥረን በዚህ ምክንያት ነው? ለመሆኑ ተገቢው መጠንስ ስንት ነው?»

ምላሽ፦

መምህር፣ ግማሽ የሚለውን በቅድሚያ እናንሣውና እንለፈው። በቅርብ ዓመታት በጸደቀ በየትኛውም የፌዴራል በጀት አዋጅ ለመከላከያ የተያዘው ገንዘብ የጠቅላላውን ግማሽ አልደረሰም፤ ወደዚያም አልተጠጋም። ወሬው ግን ከባዶ የመጣ አይመስለኝም። በደርግ የመጨረሻ ዓመታት፣ «ሁሉም ነገር ወደ ጦር ግንባር» በተባለበት ጊዜ፣ ጦርነቱ ከመንግሥት መደበኛ ወጪ ትልቁን ድርሻ ይወስድ ነበር። ያኔ የመንግሥት ደመወዝተኛ የነበሩ ሰዎች ለእናት ሀገር ጥሪ ይቆረጥባቸው የነበረውን መዋጮ ዛሬም አይረሱትም።

10 ያሉትና 1 ያሉት ባልደረቦችዎ ግን ሁለቱም ልክ ሊሆኑ ይችላሉ። አንድ ዓመት ወስደን እንየው። የ2015 በጀት ዓመት የፌዴራል መንግሥት በጀት 786.6 ቢሊዮን ብር ነበር፤ ከዚህ ለመከላከያ የተያዘው 84 ቢሊዮን ብር ነው። ለጠቅላላው ሲካፈል 10.7 በመቶ ይሆናል። ነገር ግን ከ786.6 ቢሊዮኑ ውስጥ 209.4 ቢሊዮኑ ለክልሎች የሚሰጥ ድጎማ፣ 14 ቢሊዮኑ ደግሞ ለዘላቂ የልማት ግቦች ማስፈጸሚያ ወደ ክልሎች የሚተላለፍ ነው። የፌዴራል መሥሪያ ቤቶች የሚሻሙበት ገንዘብ የቀረው ወደ 563 ቢሊዮን ብቻ ነው፤ መከላከያ ከዚህ ሲሰላ 15 በመቶ ገደማ ይሆናል። የመከላከያ ወጪ በአብዛኛው ደመወዝ፣ ቀለብ፣ ነዳጅና መለዋወጫ ስለሆነ ከመደበኛ ወጪው ከ345 ቢሊዮን ብር ጋር ካስተያየነው ደግሞ ከአራት ብር አንዱ ገደማ ነው። የሀገሪቱ ዓመታዊ ጠቅላላ ምርት ያን ዓመት ከ8 ትሪሊዮን ብር በላይ ስለነበር ያው 84 ቢሊዮን ከምርቱ ሲታይ ወደ 1 በመቶ ይወርዳል። አንድ ብር አልተጨመረም፣ አልተቀነሰም፤ መልሱ ግን 1፣ 11፣ 15 ወይም 24 በመቶ ነው። እንግዲህ አንድ ሰው በመቶኛ ሲናገር ሲሰሙ «ከምን?» ብሎ መጠየቅ ነው።

ከአራቱ የትኛውን ልያዝ ካሉኝ፣ ስለ ሀገር ውስጥ ምርጫ ስንነጋገር 15 በመቶውን፣ ማለትም ለክልል የሚተላለፈው ከተቀነሰ በኋላ ያለውን እመርጣለሁ። ገንዘብ ሚኒስቴር ውስጥ መከላከያ ከመንገድ፣ ከዩኒቨርሲቲና ከመስኖ ጋር ፊት ለፊት የሚገናኘው እዚያ ነው። ከምርት አንጻር የሚሰላው መቶኛ ሀገርን ከሀገር ለማወዳደር የተለመደ ነው። የዓለም ወታደራዊ ወጪን የሚከታተለው የስቶክሆልሙ የሰላም ጥናት ተቋም (ሲፕሪ) እንዳሰላው በአውሮፓ አቆጣጠር በ2024 ዓለም ለጦር ያወጣችው 2.7 ትሪሊዮን ዶላር ገደማ ሲሆን ይህም ከዓለም ምርት 2.5 በመቶ ነው። በዚህ ሚዛን የእኛ 1 በመቶ ቀላል ይመስላል። የማልስማማው እዚህ ላይ ነው። የአውሮፓ መንግሥታት ከምርታቸው 40 በመቶ የሚጠጋውን በግብርና በማኅበራዊ ዋስትና መዋጮ ይሰበስባሉ፤ የእኛ ግብር ከምርቱ 10 በመቶ አይሞላም። ከምርቱ 2 በመቶ ለጦር የሚያወጣ የአውሮፓ መንግሥት ከሰበሰበው ከ20 አንዱን አወጣ ማለት ነው። እኛ 1 በመቶ ስናወጣ ግን ከሰበሰብነው ግብር ከ10 አንድ የሚበልጠውን አውጥተናል። ስለዚህ «1 በመቶ ብቻ» የሚለው ክርክር ቁጥሩ ትክክል ሆኖ ሸክሙን አሳንሶ ያሳያል።

አሁን ወደሚከብደው ነገር ልግባ። እስካሁን የተናገርኩት ሰኔ ላይ የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት ስለሚያጸድቀው በጀት ነው። ሐምሌ 1 የሚጀምረው በጀት ዓመት በገባበት አይወጣም። 2014ን ይመልከቱ። በመጀመሪያ የጸደቀው 561.7 ቢሊዮን ብር ሲሆን ለመከላከያ የተያዘው 22 ቢሊዮን ነበር፤ 4 በመቶ እንኳ አይሞላም። ሰሜኑ በጦርነት ላይ ነበርና በዓመቱ አጋማሽ የ122 ቢሊዮን ብር ተጨማሪ በጀት ጸደቀ። ከዚህ ውስጥ 90 ቢሊዮኑ ለመከላከያ ነበር። ሁለቱን ስንደምር ለመከላከያ 112 ቢሊዮን ይሆናል፤ ከተሻሻለው ጠቅላላ በጀት ከ16 በመቶ በላይ ማለት ነው። የሰኔውን አዋጅ ብቻ ያነበበ ሰው 4 በመቶ ብሎ ይከራከራል፣ ጥር ላይ ዜና የሰማው ደግሞ ያን አልቀበልም ይላል፤ ሁለቱም የያዙት ወረቀት አላቸው። የ2015 84 ቢሊዮንም «ከ22 ወደ 84 በአራት እጥፍ ዘለለ» ተብሎ ሲነገር የነበረው ከመጀመሪያው አዋጅ ጋር ተነጻጽሮ ነው፤ በተጨማሪ በጀቱ ከተሻሻለው ጋር ቢነጻጸር ኖሮ ቀንሷል። በ2016 ወደ 50 ቢሊዮን ወረደ።

በመከላከያ ስም የተያዘው የበጀት መስመርም ለጸጥታ የሚወጣውን ሁሉ አይዝም። ፌዴራል ፖሊስ፣ የመረጃና ደኅንነት መሥሪያ ቤቱ፣ የመረጃ መረብ ደኅንነቱ የየራሳቸው በጀት አላቸው። የክልል ፖሊስና ሚሊሻ ከክልሉ ካዝና ነው የሚከፈላቸው፤ የክልል ልዩ ኃይሎች በ2015 እስኪፈርሱ ድረስም የክልል ወጪ ነበሩ። ጡረታም አለ፦ ለሲቪል ሠራተኛ መንግሥት ከደመወዙ 11 በመቶ ሲያዋጣ ለወታደርና ለፖሊስ የሚያዋጣው 25 በመቶ ነው። ይህም ተገቢ ነው፤ በወጣትነቱ የቆሰለን ሰው መንግሥት እስከ ዕድሜው ፍጻሜ ሊጦረው ግዴታ አለበት። ጦርነት ካበቃ በኋላ የሚመጣውም ወጪ በሌላ ስም ይመዘገባል። ከ370 ሺህ በላይ የቀድሞ ተዋጊዎችን ወደ ሰላማዊ ኑሮ እንዲመልስ የተቋቋመው ብሔራዊ የተሐድሶ ኮሚሽን ወጪው የጦርነት ነው፣ መስመሩ ግን የመከላከያ አይደለም። በተቃራኒው ደግሞ ለሠራዊቱ ገቢ የሚያመጣ ሥራ አለ፦ ለሰላም ማስከበር ለሚሰማራ ለእያንዳንዱ ወታደር የተባበሩት መንግሥታት በወር ከ1,400 ዶላር በላይ ለላኪው መንግሥት ይከፍላል፤ ኢትዮጵያ ለዓመታት ከዓለም ቀዳሚ ላኪዎች አንዷ ነበረች።

ይህ የመዝገብ ጉዳይ ለጎንደር ሰው እንግዳ ሊሆን አይገባም። በጎንደር ዘመንም ሆነ ከዚያ በኋላ ለጦር የሚወጣው ወጪ በአብዛኛው በካዝና አያልፍም ነበር። ወታደር በገበሬ ቤት ይሰፍራል፣ የገበሬውን እህል ይበላል፣ በዘመቻ ያለፈበት አገር ይራቆታል። ወጪው ከባድ ነበር፤ የሚጻፍበት ደብተር ግን አልነበረም። ዐፄ ቴዎድሮስ በ1847 ከነገሡ በኋላ ካሰቧቸው ትልልቅ ነገሮች አንዱ ይህን መቀየር ነበር፦ ወታደሩ ደመወዝ እንዲከፈለው፣ ከገበሬውም እጁን እንዲያነሣ። ደመወዝ ለመክፈል ቋሚ ገቢ ያስፈልጋል፤ ገቢው ያለው ደግሞ በመሬት ላይ ነው፤ ሰፊው መሬት በቤተ ክርስቲያን እጅ ነበር። ከካህናቱ ጋር የተጣሉበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው። ገቢው አልተገኘም፣ ሠራዊቱ ግን አልቀረም፤ መጨረሻ ላይ ወደ ዝርፊያው ተመለሰ፤ ጎንደርንም ንጉሡ ራሳቸው ዘርፈው አቃጠሏት። እኔ ከዚህ ታሪክ የምወስደው ለሠራዊት በጀት መያዙ በራሱ የሕዝብ ጥቅም መሆኑን ነው። በቂ ደመወዝና ቀለብ የማያገኝ ሠራዊት ወጪው ወደ ገበሬው ጓዳ ይዞራል። ስለዚህ «ለመከላከያ ምንም አይሰጥ» የሚለውን ንግግር አልደግፍም። የምጠይቀው የሚወጣው ገንዘብ ሁሉ እንዲጻፍና እንዲታይ ነው።

ወደ ትምህርት ቤትዎ እንምጣ፤ ለእኔም ዋናው ይህ ነው። በከተማዎ ካሉት የመንግሥት ተቋማት ሁሉም ከመከላከያ ጋር በአንድ ካዝና ውስጥ አይደሉም። ማራኪ ያለው የጎንደር ዩኒቨርሲቲና በሥሩ ያለው ሆስፒታል የፌዴራል ናቸው፤ በጀታቸው አዘዞ ካለው ካምፕ ወጪ ጋር በአንድ አዋጅ ይጸድቃል። ለዓመታት ሲጓተት የኖረው የመገጭ ግድብም የፌዴራል ፕሮጀክት ነው። ለእነዚህ፣ መከላከያ ላይ የተጨመረ ብር በቀጥታ ከእነርሱ ጋር ይሻማል። የእርስዎ ትምህርት ቤት ግን ገንዘቡን የሚያገኘው ከከተማ አስተዳደሩ ነው፣ ከተማውም ከክልሉ፣ ክልሉም በከፊል ከፌዴራል ድጎማ። ድጎማው በክልሎች የሚከፋፈልበትን ቀመር የሚወስነው የፌዴሬሽን ምክር ቤት ሲሆን የአማራ ክልል ድርሻ ከአምስት አንዱ ገደማ ነው። ይህን መንገድ ካላወቅን «መከላከያ ወሰደብን» የሚለው ቅሬታ የት እንደሚገባ አይታወቅም።

መንገዱን ተከትለን ስንሄድ የምናገኘው ቁጥር ግን ከመከላከያው መስመር ይልቅ እኔን የሚያስጨንቀኝ ነው። በ2014 ለክልሎች የተያዘው ድጎማ ወደ 204 ቢሊዮን ብር ነበር፤ ከጠቅላላው በጀት 36 በመቶ። በ2015 209.4 ቢሊዮን ሆነ። ጭማሪው 3 በመቶ አይሞላም፤ የዋጋ ግሽበቱ ግን ከ30 በመቶ በላይ ነበር። በቀላሉ ሲሰላ ድጎማው በአንድ ዓመት ውስጥ የመግዛት አቅሙን ከአምስት አንድ እጅ አጣ። ከጠቅላላው በጀት ያለው ድርሻም ወደ 27 በመቶ ወረደ። በ2017 ከ971 ቢሊዮን ውስጥ 222.7 ቢሊዮን ነበር፣ 23 በመቶ። በ2018፣ ጠቅላላው በጀት 1.93 ትሪሊዮን በደረሰበት ዓመት፣ ድጎማው ወደ 315 ቢሊዮን ሆኖ ድርሻው 16 በመቶ ላይ ነው። ለፍትሕ ሲባል አንድ ነገር መጨመር አለብኝ፦ ክልሎች ከጋራ ገቢዎች፣ ማለትም ከፌዴራሉ ጋር ከሚካፈሏቸው ግብሮች፣ የሚያገኙት ክፍፍል በእነዚህ ዓመታት ተሻሽሎላቸዋል፣ ስለዚህ ድጎማው ብቻውን ሙሉ ሥዕሉን አይሰጥም። ያም ሆኖ የድጎማው ጭማሪ ከግሽበቱ ጋር አልተራመደም።

ይህ ሁሉ የመከላከያ ሥራ ነው ማለት አይደለም። በ2015 ለዕዳ ክፍያ የተያዘው 125 ቢሊዮን ብር ነበር፤ ከመከላከያው ይበልጣል። የብሩ ምንዛሪ ሐምሌ 22 ቀን 2016 በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ ወዲህ ደግሞ በዶላር የሚከፈለው ዕዳ በብር ሲታይ ከእጥፍ በላይ አድጓል። መከላከያ ግን በሌላ በር ይገባል። በጦርነት ዓመታት መንግሥት ግብር ሲያጥረው ከብሔራዊ ባንክ ቀጥታ ብድር ይወስድ ነበር። ይህ አዲስ ገንዘብ ወደ ገበያ መልቀቅ ነው፣ ዋጋን ያንራል። የጦርነቱ ወጪ በጤፍና በዘይት ዋጋ ላይ ተጨምሮ ሰው ቅዳሜ ገበያ ላይ ከፈለው ማለት ነው። ያ ክፍያ በየትኛውም የበጀት መስመር አልተጻፈም፤ ባለሀብቱንም፣ ከእጅ ወደ አፍ የምትኖረውንም ሴትዮ ለዘይት እኩል ዋጋ አስከፈለ። ብሔራዊ ባንኩ በ2015 መጨረሻ ላይ በዚህ ብድር ላይ ጣሪያ አደረገበት፣ ኋላም መንግሥት ከእርሱ ወጣ። በእኔ እምነት በቅርብ ዓመታት በሀገሪቱ ፋይናንስ ከተወሰዱ ውሳኔዎች ሁሉ ለደመወዝተኛ የጠቀመው ይኸኛው ነው።

ታዲያ ወንበሩና መጽሐፉ የሚያጥረው እንዴት ነው? የከተማና የወረዳ በጀት አብዛኛው ደመወዝ ነው። ድጎማው ዋጋ ሲያጣ ደመወዝ ሊቀር ስለማይችል የሚቆረጠው የሥራ ማስኬጃው ነው፦ ጠመኔ፣ ጥገና፣ ወንበር፣ የመጽሐፍ ማጓጓዣ፣ የሱፐርቪዥን ነዳጅ። መምህሩ በየወሩ ይከፈለዋል፣ ክፍሉ ግን ባዶ ይሆናል። የደመወዙም የመግዛት አቅም በዚያው ግሽበት ይቀንሳል። በክልሉ ከ2015 መጨረሻ ወዲህ ያለው ግጭት ደግሞ ሁለተኛውን ምንጭ፣ ከተማው ራሱ የሚሰበስበውን ገቢ መታ። መንገድ ሲዘጋ፣ ጥምቀትን ለማክበርና ፋሲል ግቢን ለማየት የሚመጣው እንግዳ ሲቀር፣ የሆቴሉም የባጃጁም የሱቁም ግብር ይቀንሳል። ይህ ከጠቅላላው የጦርነት ዋጋ ትልቁ ሳይሆን አይቀርም ብዬ አምናለሁ፤ በመከላከያ መስመር ሥር ግን አንድ ሳንቲሙ አይታይም። ትምህርት ቤት ተዘግቶ ከቤት የዋለ ልጅ ደግሞ በምንም ሒሳብ አይታይም።

ስለዚህ ለሁለተኛው ጥያቄዎ መልሴ፦ አዎ፣ ግን ባልደረቦችዎ በሚያስቡት መንገድ አይደለም። ከመከላከያ መስመር ላይ 5 ቢሊዮን ብር ነገ ቢቀነስ ወደ እርስዎ ክፍል የሚወስደው ቦይ የለም፤ ወደ ዕዳ ወይም ወደ ሌላ ፌዴራል መሥሪያ ቤት ይሄዳል። ክፍልዎን የሚለውጠው ድጎማው ከግሽበት እኩል እንዲያድግ የሚያስገድድ ደንብ መኖሩ፣ ከዚያም በላይ ሰላም መሆኑ ነው።

ተገቢው መጠን ስንት ነው ላሉት፣ ቋሚ መቶኛ የለም። የኔቶ አባል ሀገሮች 2 በመቶ ሲሉ ኖረው በአውሮፓ አቆጣጠር በ2025 ሄግ ላይ እስከ 2035 ወደ 5 በመቶ ለማድረስ ተስማሙ፤ ይህ የፖለቲካ ስምምነት እንጂ ሳይንስ አይደለም። ኮስታሪካ በአውሮፓ አቆጣጠር ከ1948 ጀምሮ ሠራዊት የላትም። የእኛው ታሪክ ራሱ ሰፊ ርቀት አለው፦ ከኤርትራ ጋር በነበረው ጦርነት ከምርታችን ወደ 10 በመቶ የሚጠጋ ለጦር ወጣ፤ ከ20 ዓመት በኋላ በ2010 አካባቢ ከ1 በመቶ በታች ነበር። በመካከሉ የተሠራውን መንገድና የተከፈተውን ዩኒቨርሲቲ ሲያዩ የዚያ ልዩነት አንድ ክፍል እዚያ ውስጥ እንዳለ ይታሰብዎ። ለእኔ ከመጠኑ የሚቀድመው አወጣጡ ነው። ሕገ መንግሥቱ የመከላከያ ሚኒስትሩ ሲቪል እንዲሆን (አንቀጽ 87)፣ በጀቱን የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት እንዲያጸድቅ (አንቀጽ 55)፣ ሒሳቡን ዋና ኦዲተር እንዲመረምር (አንቀጽ 101) ያዝዛል። የጦር መሣሪያው ዓይነትና ብዛት ምስጢር መሆኑን እቀበላለሁ። ለደመወዝ ስንት፣ ለቀለብ ስንት፣ ለግዥ ስንት የሚለው ጥቅል ክፍፍል ግን ምስጢር የሚሆንበት ምክንያት አይታየኝም፤ ጠላት ከዚያ የሚያገኘው ነገር የለም፣ ወታደሩ ግን ቀለቡ በትክክል እንደሚደርሰው የሚያረጋግጥለት ሰው ያገኝበታል። ተጨማሪ በጀት ሲቀርብም ምክር ቤቱ በሰዓታት ውስጥ እጅ አውጥቶ ከማጽደቅ ይልቅ የቱ ሥራ እንደሚታጠፍለት አብሮ ሊጠይቅ ይገባል።

ለክርክራችሁ የሚረዳ ነገር ከፈለጉ ሰኔ ላይ የበጀት አዋጁ ሲወጣ አራት ቁጥር ብቻ ይያዙ፦ ጠቅላላው፣ የክልሎች ድጎማ፣ የዕዳ ክፍያና መከላከያ። በዓመቱ መካከል ተጨማሪ በጀት ሲጸድቅ አራቱንም ያስተካክሏቸው። የከተማው አስተዳደር የበጀት መድረክ ሲጠራ ደግሞ ስለ ጦሩ መጠየቅ መልስ አያስገኝልዎትም፣ መድረኩ ሥልጣን የለውም። የሚመልሱት ጥያቄ ሌላ ነው፦ ባለፈው ዓመት ለትምህርት ሥራ ማስኬጃ የተያዘው ስንት ነበር፣ የወጣው ስንት ነው፣ ለአንድ ተማሪ ሲካፈልስ ስንት ብር ደረሰ? የሦስት ዓመቱን በጽሑፍ እንዲሰጧችሁ ጠይቁ።